በየወሩ በ18፦ ለጎንደር ድመቶች ቋሚ የክትባት ቀን እንዲቆረጥ የቀረበ ግልጽ ደብዳቤ

በጎንደር ከተማ የእንስሳት ጤናን ሥራ ለምትመሩ፣ ክሊኒክና የእንስሳት መድኃኒት ቤት ከፍታችሁ ለምታገለግሉ ባለሙያዎች፣ ድመት ላላችሁ ነዋሪዎች በሙሉ

የተከበራችሁ፣

ጥያቄያችን አጭር ነው። የድመት ክትባት በዓመት አንዴ በዘመቻ ሳይሆን በየወሩ በአንድ የታወቀ ቀን እንዲሰጥ እንጠይቃለን። ቀኑንም እንጠቁም፦ ወር በገባ በ18። ለምን በየወሩ እንደሆነ፣ ለምን 18 እንዳልን፣ ለዚያ ቀን ምን መሰናዳት እንዳለበት ግን በአጭሩ የሚያልቅ አይደለምና ታግሳችሁ አንብቡልን።

ድመት በጎንደር ሥራ ያላት እንስሳ ናት። በእህል መጋዘን፣ በወፍጮ ቤት፣ በሥጋ ቤትና በየጓዳው የምትፈለገው ለአይጥ ነው። ስትወልድ ግልገሎቿ መሮጥ እንደጀመሩ ለጎረቤት፣ ለዘመድ፣ ለባለሱቅ ይታደላሉ፤ ብዙዎቹ ገና በ5 ወይም በ6 ሳምንታቸው ከእናታቸው ይለያሉ። አዲሱ ቤት በገቡ በጥቂት ቀን ውስጥ ማስነጠስ ይጀምራቸዋል፣ ዓይናቸው በአይናር ይጣበቃል፣ ወተቱንም ሥጋውንም ይተዋሉ። ባለቤቶቹ «ብርድ መታት» ይላሉ። ብርዱ ሰበብ ይሆን እንደሆነ እንጂ በሽታው የቫይረስ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም ግልገሏ ከእናቷ ይዛው የመጣችው ነው።

ቫይረሶቹ በዋናነት ሁለት ናቸው። አንደኛው የድመት ሄርፒስ ቫይረስ ይባላል። ከተያዘች ከ2 እስከ 6 ቀን ባለው ጊዜ ትኩሳት ይይዛታል፣ በተደጋጋሚ ያስነጥሳታል፣ ንፍጧ መጀመሪያ እንደ ውሃ ቀጭን ሆኖ ኋላ ቢጫና ወፍራም ይሆናል። ክፉ ገጹ ዓይን ላይ የሚያደርሰው ጉዳት ነው፤ የዓይኑን መስተዋት ያቆስላል፣ ካልታከመም ጠባሳ ይተዋል፣ አንዳንዴ ዓይኑን ያጠፋዋል። ገና ዓይናቸውን ባልከፈቱ ጨቅላዎች ላይ ደግሞ መግሉ በተዘጋው ቆብ ሥር ይጠራቀምና ቆቡ ያብጣል። ይህን ያየ ሰው «በ10 ቀኑ ራሱ ይከፈታል» ብሎ መጠበቅ የለበትም፤ በዚያው ቀን ሐኪም ዘንድ ሊወስዳት ይገባል።

የሄርፒስ ትልቁ ችግር ድናም አለመውጣቱ ነው። ከበሽታው ከተነሡት ድመቶች አብዛኞቹ ቫይረሱን በፊት ነርቭ ውስጥ ደብቀው ዕድሜ ልካቸውን ይኖራሉ። «ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ» የሚለው ተረት ከድመቷ ይልቅ ለዚህ ቫይረስ ይስማማል፦ ቤት ስትቀይር፣ ስትወልድ፣ ስታጠባ፣ ሌላ በሽታ ሲይዛት ወይም ኮርቲዞን ያለበት መድኃኒት ሲሰጣት ከተደበቀበት ይነሣል። ከጭንቀቱ በኋላ አንድ ሳምንት ገደማ ቆይቶ በንፍጧና በአይናሯ መውጣት ይጀምራል፤ አንድ ሁለት ሳምንትም ይዘልቃል። ጤነኛ የምትመስል እናት ልጆቿን ስትልስ የምታስይዛቸው በዚህ መንገድ ነው።

ሁለተኛው ካሊሲ ቫይረስ ነው። እሱም ያስነጥሳል፣ ያስተኩሳል፤ መለያው ግን የአፍ ቁስል ነው። ምላስ ላይ፣ ላንቃ ላይ፣ አንዳንዴም አፍንጫ ጫፍ ላይ ቁስል ያወጣል፤ ድመቷ ወደ ምግቡ ትቀርብና አሽትታ ትመለሳለች፣ ለሃጯ ይዝረበረባል። አንዳንዶቹን ግልገሎች ለጥቂት ቀን ያነክሳቸዋል፤ «ወድቃ ነው» ተብሎ እግሯ ሲታሽ የሚውለው ብዙ ጊዜ ለዚህ ነው። ከበሽታው የዳነች ድመት ለሳምንታት፣ ለወራትም ያለማቋረጥ ቫይረሱን ልትረጭ ትችላለች። ካሊሲ መልኩን ቶሎ ቶሎ ስለሚለዋውጥ አንዴ የያዛት ድመት በሌላ ዝርያው እንደገና ልትያዝ ትችላለች።

ስለ ለሃጭ አንድ ማሳሰቢያ፣ በተለይ ለእኛ ከተማ። የእብድ ውሻ በሽታ በአካባቢያችን አለ፤ ድመትንም ይይዛል፤ ለሃጭ ማዝረብረብም አንዱ ምልክቱ ነው። ስለዚህ ለሃጯ የሚዝረበረብ ድመት ስታዩ አፏን በባዶ እጅ ከፍታችሁ ቁስል አትፈልጉ። የሚያስነጥሳት፣ ንፍጥና አይናር ያላት፣ ጠባይዋ ያልተለወጠ ከሆነች ነገሩ ወደ ካሊሲ ያደላል። ያለ ምክንያት የምትናከስ፣ የምትንገዳገድ፣ መንጋጋዋ የወረደ፣ መዋጥ ያቃታት፣ ወይም ዓይነ አፋር የነበረችው በድንገት ሰው ላይ የምትወጣ ከሆነ ክፍል ውስጥ ተዘግቶባት ለእንስሳት ሐኪም ይነገር። የነከሰችው ወይም የቧጨረችው ሰው ካለ ቁስሉን በውሃና በሳሙና 15 ደቂቃ ሙሉ ታጥቦ በዚያው ቀን ጤና ጣቢያ ይሂድ።

ከዚህ ውጭ፣ የድመት ሄርፒስም ሆነ ካሊሲ ሰውን አይዙም። ልጆች ጉንፋን ሲይዛቸው ድመቷን ከቤት ማባረር ጥቅም የለውም።

ወደ ክትባቱ እንግባ። እዚህ የምንለው ክትባት ሦስት በአንድ ነው፦ ሄርፒስን፣ ካሊሲንና ፓንሉኮፒኒያ የሚባለውን የድመት ፓርቮ በሽታ በአንድ መርፌ ይከላከላል። ሦስተኛው የመተንፈሻ በሽታ ባይሆንም ግልገል የሚፈጀው እሱ ነው፤ በተቅማጥና በትውከት በጥቂት ቀን ውስጥ ይገድላል፣ የነካው ወለል ላይም እስከ አንድ ዓመት ሊቆይ ይችላል። ክትባቱ ለሦስቱ እኩል አይሠራም። ለፓንሉኮፒኒያ የሚሰጠው መከላከያ ጠንካራና ረጅም ነው። ለሄርፒስና ለካሊሲ ግን በሽታውን ያቀልላል እንጂ መያዝን ሙሉ በሙሉ አይከለክልም፤ ቀድሞ ነርቭ ውስጥ የገባውንም ቫይረስ አያስወጣም። የተከተበች ድመት ሁለት ቀን ብታስነጥስ ክትባቱ ከሽፏል ማለት አይደለም፤ ያልተከተበችው በዚያው ቫይረስ ዓይኗን ልታጣ ወይም በሳንባ ምች ልትሞት ትችል ነበር። ይህን ለባለቤቱ አስቀድሞ መንገር የሐኪሙ ድርሻ ነው። «ከተከተበች አትታመምም» ተብሎ የተሸኘ ሰው ለሁለተኛው መርፌ አይመለስም።

አሁን በየወሩ ወዳልንበት ምክንያት እንምጣ። ግልገል በተወለደች ቀን ከምትጠባው እንገር የእናቷን አንቲቦዲ ታገኛለች። ይህ መከላከያ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ሕይወቷን ይጠብቃል፤ ክትባቱንም ግን ባዕድ ነው ብሎ ያጠፋዋል። እየሳሳ የሚሄድበት ጊዜ በየግልገሉ ይለያያል፦ የአንዷ በ6 ሳምንት ያልቃል፣ የሌላዋ እስከ 16 ሳምንትና ከዚያም በላይ ይቆያል፤ የአንድ እናት ልጆች እንኳ እኩል አይደሉም። የየትኛዋ መቼ እንዳለቀ ከውጭ አይታይም። ስለዚህ አንድ መርፌ ሰጥቶ መተው እንደ ዕጣ ነው፤ የእናቷ መከላከያ ካልሄደ ክትባቱ ባክኗል፣ ባለቤቱ ግን «ከትቤያለሁ» ብሎ ተቀምጧል። መፍትሔው ደጋግሞ መስጠት ነው፦ ከ6 እስከ 8 ሳምንት ሲሆናት ተጀምሮ፣ በየ2 እስከ 4 ሳምንቱ ተደግሞ፣ የመጨረሻው በ16 ሳምንቷ ወይም ከዚያ በኋላ። ከሦስቱ ወሳኙ የመጨረሻው ነው። ሁለቱን ወስዳ በ12 ሳምንቷ የቀረች ግልገል ብዙዎች እንደሚያስቡት «ሁለት ሦስተኛ የተከተበች» አይደለችም፤ ምንም ያልተከተበች ልትሆን ትችላለች። ከዚያ በ6 ወሯ ወይም በዓመቷ አንድ ማጠናከሪያ ይሰጣታል። ቤት ለብቻዋ የምትውል ድመት ቀጥሎ በየ3 ዓመቱ ይበቃታል፤ ከብዙ ድመት ጋር የምትውለዋ፣ የሥጋ ቤቷና የመጋዘኗ ድመት ግን ለሄርፒስና ለካሊሲ ሲባል በየዓመቱ ብትከተብ ይሻላል።

የዓመት ዘመቻ ይህን ሊያደርግ አይችልም። በእኛ አገር የቀንና የሌሊት ርዝመት ብዙ ስለማይለዋወጥ ድመት ዓመቱን ሙሉ ትወልዳለች፤ ግልገሎቹ ለዘመቻ ቀን ተመቻችተው አይደርሱም። በየወሩ አንድ የታወቀ ቀን ካለ ግን የትኛዋም ግልገል በየትኛውም ወር ብትወለድ ሦስቱን ታገኛለች። የእኛ ወር 30 ቀን መሆኑ እዚህ ላይ በጣም ይመቻል፦ በ8ኛው ሳምንቷ አካባቢ የጀመረች፣ በሁለተኛው ወር በ12ኛው ተሻግራ፣ በሦስተኛው 16 ሳምንት አልፏት ትመጣለች። ከነሐሴ 18 እስከ መስከረም 18 ጳጉሜን ስለምትገባ ልዩነቱ 5 ሳምንት ይሆናል፤ ችግር የለውም። በሁለት መርፌ መካከል ከ6 ሳምንት በላይ ካለፈ ግን አንድ ተጨማሪ መርፌ መስጠት ይሻላል።

18ን የመረጥነው በሁለት ምክንያት ነው። መስከረም 18 በፈረንጆቹ መስከረም 28 ላይ የሚውለው የዓለም የእብድ ውሻ በሽታ ቀን ስለሆነ የውሻ ክትባት በዚያ ሰሞን ይታሰባል፤ ድመቷም አብራ ትታሰብ። ሁለተኛው፣ 12ትና 21 ብንል ሚካኤልና ማርያም ናቸው፤ በ44ቱ ታቦት ከተማ በዚያ ቀን ጠዋት ለድመት የሚወጣ ሰው አናገኝም። ከ18 የተሻለ ቀን ያለው ይበለን፤ ቁም ነገሩ ቀኑ መቆረጡና አለመዛወሩ ነው።

የተወለደችበት ቀን የማይታወቅ ግልገል ስትመጣ ጥርሷ ይታይ። የወተት ጥርሶች ከ3ኛው ሳምንት ጀምሮ ይወጣሉ፤ የኋለኞቹ በ6ኛውና በ8ኛው ሳምንት መካከል ይሟላሉ። የፊቶቹ ትንንሽ ጥርሶች መለወጥ ከጀመሩ ወደ 4 ወር ተጠግታለች። ይህ ለመጨረሻው መርፌ ጥሩ ምልክት ነው። ታሪኳ የማይታወቅ ትልቅ ድመት ሁለት መርፌ በ4 ሳምንት ልዩነት ይበቃታል። የእብድ ውሻ ክትባት ከ12 ሳምንት በፊት አይሰጥም፤ ከዚያ በኋላ ከሦስት በአንዱ ጋር በአንድ ቀን፣ በሌላ እግር ላይ መስጠት ይቻላል። ሦስት በአንዱን በቀኝ የፊት እግር ከክርን በታች፣ የእብድ ውሻውን በቀኝ የኋላ እግር ከጉልበት በታች፣ ሁለቱንም በቆዳ ሥር መስጠት የተለመደ አሠራር ነው። በማጅራት መስጠት ይቀላል፤ ነገር ግን አልፎ አልፎ መርፌ በተሰጠበት ቦታ ክፉ ዕጢ ሊወጣ ስለሚችል፣ ያ ቢመጣ እግር ላይ መሆኑ ለቀዶ ሕክምና ይረዳል። ከመርፌ በኋላ ትንሽ እብጠት ቢወጣ የሚያስደነግጥ አይደለም። ከ3 ወር በላይ ከቆየ፣ ከ2 ሴንቲ ሜትር ከበለጠ፣ ወይም ከአንድ ወር በኋላም እያደገ ከሆነ ግን ይመርመር።

የሚበላሸው ነገር አብዛኛው መርፌው ከመሰጠቱ በፊት ነው። ሦስት በአንዱ የተዳከሙ ሕያው ቫይረሶች ያሉበት የደረቀ ክትባት ነው፤ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ውስጥ መቆየት አለበት። የደስታ በሽታን ከአገራችን ለማጥፋት አፋር በረሃ ድረስ የተወሰደው የከብት ክትባት ሙቀት እንዲችል ሆኖ የተሠራ ነበር። የድመቷ ግን እንደዚያ አይደለም። ከአዲስ አበባ ጎንደር በመኪና ከ700 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ በአውቶቡስ ጭነት ውስጥ ከሻንጣ ጋር ከሚመጣ ብልቃጥ ይልቅ በአውሮፕላን አዘዞ የሚደርሰው እጅግ ይሻላል። በየትኛውም መንገድ ቢመጣ ሳጥኑ ውስጥ ቴርሞ ሜትር ይኑር፤ ሲደርስ የተነበበው ቁጥርም ይመዝገብ። የእብድ ውሻ ክትባት ደግሞ በተቃራኒው ብርድ ይፈራል፤ አንዴ በረዶ ከሠራ ተበላሽቷል፣ ቀልጦ ቢታይም አያገለግልም። ሁለቱን በአንድ ሳጥን የሚይዝ ባለሙያ የበረዶ ጥቅሉን ከማቀዝቀዣው እንዳወጣው አያስገባው፤ ላቡ እስኪወጣና ሲነቀነቅ ውስጡ ውሃ እስኪሰማ ይጠብቅ፣ ከብልቃጦቹም በካርቶን ይለየው።

መብራት ስለሚጠፋ ፍሪጁ ውስጥ ክፍት ቦታ በውሃ በተሞሉ ጠርሙሶች ይሞላ፤ ቅዝቃዜውን ረዘም ላለ ጊዜ ይይዛሉ። መብራት በጠፋ ጊዜ በር አይከፈት። ክትባት በሩ ላይ ባለው መደርደሪያ አይቀመጥ፤ ሙቀቱ የሚዋዥቀው እዚያ ነው። ምሳና ለስላሳ መጠጥ የሚገባበት ፍሪጅ የክትባት ፍሪጅ አይደለም። ሙቀቱ ጠዋትና ማታ ተነቦ በደብተር ይጻፍ፤ ደብተሩም ለሚጠይቅ ባለ ድመት ይታይ። ባለቤቶችም ጠይቁ፤ ጥያቄው ነውር የለውም። ብልቃጡ ሲከፈት በፊታችሁ ይከፈት፤ በማሟሟያው ከተቀላቀለ ከ30 ደቂቃ በላይ ሳይቆይ ይሰጥ። ጠዋት ተቀላቅሎ እስከ ቀትር ሲሰጥ የሚውል ክትባት ውሃ ነው ብሎ መቁጠር ይቻላል።

መጠኑ እንደ ኪሎ አይቀነስም። ግልገሏ ትንሽ ናት ተብሎ ግማሽ መስጠት፣ ወይም አንዱን ብልቃጥ ለሁለት ድመት ማካፈል ሁለቱንም ሳይከተቡ መሸኘት ነው። የውሻ ክትባት ለድመት መስጠትም እንዲሁ፤ የውሻው ክትባት ሄርፒሷንም ካሊሲዋንም አያውቃቸውም። ሕያው ክትባት ለርጉዝ ድመትና ከ4 ሳምንት በታች ለሆነች ግልገል አይሰጥም፤ የፓንሉኮፒኒያው ክፍል የጽንሱን አንጎል ይጎዳልና። ትኩሳት ያላትም ትቆይ። የድመት ጤነኛ ሙቀት ከ38 እስከ 39.2 ዲግሪ ነው፤ በሰው መለኪያ ትኩሳት የሚባለው ለእሷ ጤና ነው። መርፌው ሲሰጥ ጠብታ ፀጉሯ ላይ ከፈሰሰ ወዲያው ይጠረግ፤ ልሳ በአፏ ወይም በአፍንጫዋ ከገባ ያው የተዳከመው ቫይረስ ሊያስነጥሳት ይችላል።

የክትባቱ ቀን ራሱ በሽታ የሚያዛምት ቀን እንዳይሆን ግን እንሰጋለን። 40 ድመት በአንድ ግቢ ተሰብስበው ሲያስነጥሱ ማሰብ ነው። ቫይረሱ በማስነጠስ ሜትር ተኩል ያህል ይሄዳል፤ ከዚያ በላይ የሚያደርሰው የሰው እጅ፣ ልብስና ዕቃ ነው። ስለዚህ ድመቶች በሰዓት ተከፋፍለው ይቀጠሩ፤ ግልገሎች ጠዋት በመጀመሪያ፣ ትልልቆቹ ከዚያ በኋላ። የሚያስነጥሳት ድመት ግቢ አትግባ፤ ሐኪሙ በመጨረሻ ወጥቶ ውጭ ይያት። እያንዳንዷ በየራሷ ሳጥን ትምጣ፦ ቀዳዳ የተበሳለት ካርቶን በገመድ ታስሮ፣ ወይም ክዳን ያለው ቅርጫት፣ በላዩ ነጠላ ጣል ተደርጎበት። ማዳበሪያ ውስጥ አስሮ በባጃጅ ማምጣት ይቅር፤ ትታፈናለች፣ ትሞቃለች፣ ጭንቀቱም የተኛውን ሄርፒስ ይቀሰቅሳል። ሐኪሙ በእያንዳንዷ ድመት መካከል እጁን በሳሙና ይታጠብ። በአልኮል ብቻ መጥረግ ለካሊሲ አይበቃም። ከመርፌው በኋላ 20 ደቂቃ ያህል እዚያው መቆየት ይገባል፤ ፊቷ ካበጠ፣ ካስታወካት ወይም ትንፋሽ ካጠራት ሐኪሙ በቅርብ መኖር አለበት። አንድ ሁለት ቀን ብታንቀላፋና ምግብ ብትቀንስ ግን የተለመደ ነው።

አሁን ታማ ቤት ላለች ድመት። ቫይረሱን የሚገድል መድኃኒት ሳይሆን እንክብካቤ ነው አብዛኞቹን የሚያድናቸው፤ በ7 እስከ 10 ቀን ይሻላቸዋል። ድመት የማትሸተውን አትበላም፤ አፍንጫዋ ሲደፈን ረሃቡ ይገድላታል። በአንድ ሊትር ፈልቶ በበረደ ውሃ 9 ግራም ጨው፣ ማለትም አንድ ተኩል የሻይ ማንኪያ ለጥ ያለ፣ ይሟሟ፤ በዚህ ውሃ በራሰ ንጹሕ ጨርቅ አፍንጫዋንና ዓይኗን በቀን ሦስት አራት ጊዜ ጥረጉ፣ ለእያንዳንዱ ዓይን ሌላ ጨርቅ። ውሃ የሚፈላበት ዝግ ክፍል ውስጥ 10 ደቂቃ መቀመጧ ንፍጡን ያላላዋል። ባህር ዛፍ ግን ውሃው ውስጥ አይጨመር፤ ለሰው ጉንፋን የሚታጠነው ለድመት መርዝ ነው። ምግቧ ለብ ብሎ ይሽተታት፦ ያልተቀመመና ሽንኩርት ያልነካው የሥጋ መረቅ፣ የተፈጨ ሥጋ፣ ዓሣ። ግልገል አንድ ቀን፣ ትልቅ ድመት ሁለት ቀን ሳትበላ ከዋለች፣ አፏን ከፍታ ከተነፈሰች፣ ወይም የዓይኗ መስተዋት ከደፈረሰ ቤት ማቆየት ይብቃ።

ከማያድነው በላይ የሚገድለው ያሳስበናል። ፓራሲታሞል ለድመት አይሰጥም፣ ሩብም ቢሆን። ጉበቷ ይህን መድኃኒት የሚያብላላበት መንገድ ስለሌላት ደሟ ኦክስጅን መሸከም ያቅተዋል፤ ድዷ ቡናማ ወይም ሰማያዊ ይሆናል፣ ፊቷና መዳፏ ያብጣል። ባለ 500 ሚሊ ግራሙ አንድ ክኒን 3 ኪሎ የምትመዝን ድመትን ሊገድል ይችላል። ተሰጥቷት ከሆነ ምልክት ሳትጠብቁ ሩጡ። ዳይክሎፌናክ፣ አይቡፕሮፌንና አስፕሪንም ያው ናቸው። ነጭ ሽንኩርት ቀይ የደም ሴሎቿን ያፈርሳል። ዳማ ከሴ ጨምቆ በአፍንጫዋ ማንጠባጠብ፣ የቆሰለ ዓይኗ ላይ ቅጠል ማሸት ቁስሉን ያባብሳል። ከሰው መድኃኒት ቤት የሚገዛ ዴክሳሜታዞን ያለበት የዓይን ጠብታ በሄርፒስ የቆሰለን ዓይን ሊያፈነዳ ይችላል። ለሰው ሄርፒስ የሚሰጡት የአሲክሎቪርና የቫላሲክሎቪር ክኒኖችም ለእሷ አይሆኑም፤ ቫላሲክሎቪር በተለይ ይገድላል።

አንቲባዮቲክ ቫይረስ አይገድልም፤ ንፍጡ ቢጫ ሆኖ ባክቴሪያ ሲደረብበት ሐኪም ያዝዘዋል። ዶክሲሳይክሊን ሲታዘዝ መጠኑ በቀን በኪሎ 10 ሚሊ ግራም ነው፤ የ3 ኪሎ ድመት 30 ሚሊ ግራም ብቻ ይደርሳታል፣ የሰው ካፕሱል ግን 100 ነው። ደረቁን ከዋጠችው ጉሮሮዋ ላይ ተጣብቆ ያቆስላታል፤ ከኋላው 6 ሚሊ ሊትር ውሃ በሲሪንጅ ይከተል።

ዕቃና ወለል ለማጽዳት በረኪና ይበቃል። መጀመሪያ በሳሙና ይታጠብ፤ ቆሻሻ ላይ የፈሰሰ በረኪና ኃይሉን ያጣል። ከዚያ 30 ሚሊ ሊትር ባለ 5 በመቶ በረኪና በአንድ ሊትር ውሃ፣ በዚያው ቀን ተበጥብጦ፣ 10 ደቂቃ ይቆይና በንጹሕ ውሃ ይለቅለቅ። ሄርፒስ ከአንድ ቀን በላይ ውጭ አይኖርም፤ ካሊሲ ግን ከሳምንት እስከ ወር ይቆያል፣ ፓርቮውንም የሚገድለው በረኪናው ነው። ዴቶል ለዚህ አይሁን፤ ድመት መዳፏን ስለምትልስ ይመርዛታል። አዲስ የመጣች ድመት ከቤቱ ድመቶች 2 ሳምንት ተለይታ፣ በየራሷ ሳህን፣ ትቆይ። የድመት ልጅ የምትሰጡም ቢቻላችሁ 8 ሳምንት ሳይሞላት አትስጡ፤ የመጀመሪያውን መርፌ እናቷ ቤት ብትወስድ ደግሞ እጅግ መልካም ነው።

ለሥራው የሚያስፈልገው ብዙ አይደለም። ክትባቱ ብዙውን ጊዜ በ10 ወይም በ25 ብልቃጥ ታሽጎ ስለሚሸጥ አንድ ባለ ድመት ለብቻው ማስመጣት አይችልም፤ አንድ ክሊኒክም ሳይሸጥለት ቀኑ እንዳያልፍበት ይፈራል። ምዝገባ ይህን ይፈታዋል። በየክፍለ ከተማው አንድ ደብተር ይከፈት፤ ወር በገባ እስከ 8 የተመዘገበው ተቆጥሮ ትእዛዙ ይላክ፣ ክትባቱም በ18 ዋዜማ ይድረስ። ለጎንደር ዩኒቨርሲቲ የእንስሳት ሕክምናና እንስሳት ሳይንስ ኮሌጅ ተማሪዎች ይህ ጥሩ የተግባር ትምህርት ይሆናል፦ መመዝገብ፣ ዕድሜ በጥርስ መገመት፣ የፍሪጅ ደብተር መያዝ። ለባለቤቱ የሚሰጠው ካርድ የድመቷን መልክ፣ የተገመተ ዕድሜዋን፣ የብልቃጡን የምርት ቁጥር፣ መርፌው የተሰጠበትን እግር፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ በትልቁ የሚመለስበትን ወር ይያዝ። የመጀመሪያው ዙር ከማራኪ ወይም ከአዘዞ፣ ከአንዱ ብቻ ቢጀመር እንመርጣለን፤ በሦስተኛው ወር ስንቶቹ ግልገሎች እንደተመለሱ ተቆጥሮ ነው ወደ ቀሪው ከተማ መሄድ የሚሻለው።

ከአክብሮት ጋር
በጎንደር የምንኖር የእንስሳት ጤና ባለሙያዎች